ቀልዱን የጻፈው ማን ነው?

ሦስት ወንዶች ትከሻ ለትከሻ ተደርድረው ቆመዋል። የመጀመሪያው ቁመቱ ሁለት ሜትር ይጠጋል፤ ጥቁር ክብ ባርኔጣ ደፍቷል፤ ሱፉ እንከን የለውም። መካከለኛው ቁመቱም ባርኔጣውም መካከለኛ ነው። ሦስተኛው አጭር ነው፤ የሠራተኛ ቆብ አጥልቆ አንገቱ ላይ ሻርፕ ጣል አድርጓል። ረጅሙ ሁለቱንም ቁልቁል ያያል። መካከለኛው ሽቅብ ሲያይ ያከብራል፣ ቁልቁል ሲያይ ይንቃል። አጭሩ ቦታውን ያውቃል። በመጨረሻ ሦስቱም ከዚህ ሥርዓት ምን እንደሚያተርፉ በየተራ ሲናገሩ፣ የአጭሩ ድርሻ ሁልጊዜ ሽቅብ ከማየት የመጣ የማጅራት ሕመም ብቻ ሆኖ ይገኛል።

ይህ አጭር ጭውውት በቢቢሲ ቴሌቪዥን የታየው በኤፕሪል 1966 ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። «ዘ ፍሮስት ሪፖርት» የሚባል ዝግጅት አካል ነበር። ካርል ማርክስ እዚያው ለንደን ተቀምጦ በወፋፍራም ጥራዝ የተነተነውን የመደብ ነገር ሦስት ባርኔጣዎች በሁለት ደቂቃ ገደማ ነግረው ጨረሱት። አገሬውም ስለ ራሱ የተነገረውን እውነት ሰምቶ ሳቀ።

እኛን ይበልጥ የገረመን ግን ከካሜራው ጀርባ ያለው ነው። ረጅሙ ጆን ክሊስ የካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ምሩቅ ነው። ሮኒ ባርከርና ሮኒ ኮርቤት ግን ዩኒቨርሲቲ አልገቡም፤ አጭሩ ኮርቤት የኤዲንብራ ዳቦ ጋጋሪ ልጅ ነበር። ጭውውቱን ከጻፉት ሁለት ሰዎች አንዱ ማርቲ ፌልድማን ደግሞ ከኪየቭ የመጡ አይሁድ ስደተኞች ልጅ፣ በ15 ዓመቱ ትምህርቱን ያቋረጠ የምሥራቅ ለንደን ሰው ነው። እንግዲህ ስለ ማጅራት ሕመም የጻፈው ማጅራቱን አሞት የሚያውቅ ሰው ነበር ማለት ነው።

ስለዚህ የእንግሊዝን የቴሌቪዥን ጭውውት ታሪክ በሁለት ቀላል ጥያቄዎች ልናነበው አሰብን። ቀልዱን የጻፈው ማን ነው? የተሳቀበትስ ማን ነው? በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት መቼ ሰፍቶ መቼ እንደጠበበ ያየ ሰው፣ ያቺ አገር ማንን መቼ እንደ ሙሉ ሰው እንደቆጠረች ያያል። ነገሩ ለእኛም ሩቅ አይደለም። የታሪኩ መጨረሻ አካባቢ እኛም አለንበት፤ ያውም ሳቅ በሌለበት ጥግ።

ጥንቸል የማይነሳበት ቤት

በ1940ዎቹ መጨረሻ ቢቢሲ ለመዝናኛ ክፍል አዘጋጆቹ አንድ የመመሪያ መጽሐፍ አውጥቶ ነበር፤ «አረንጓዴው መጽሐፍ» በሚል ስም ይታወቃል። በመመሪያው መሠረት ስለ መጸዳጃ ቤት መቀለድ ፈጽሞ ክልክል ነው። ስለ ጫጉላ ሙሽሮች፣ ስለ ሆቴል አልጋ አንጣፊ ሴቶች፣ ስለ ሴት የውስጥ ልብስ ማሽሟጠጥም ክልክል ነው። የእንስሳት ጠባይም አይነሳም፤ ለምሳሌ ተብላ የተጠቀሰችው ጥንቸል ናት። እስኪ ከሰው ኑሮ ውስጥ መጸዳጃ፣ ጫጉላ፣ የውስጥ ልብስና ጥንቸል ሲወጡ ለቀልደኛ ምን ይተርፈዋል?

ቴአትር ቤቱም የተሻለ አልነበረም። ሎርድ ቻምበርሌን የሚባል የቤተ መንግሥት ሹም እያንዳንዱ ተውኔት መድረክ ላይ ከመውጣቱ በፊት እያነበበ ያልጣመውን ይቆርጥ ነበር። ይህ ሥልጣን በሕግ የተሻረው በ1968 ነው። ሰው ጨረቃ ላይ ሊወጣ አንድ ዓመት ሲቀረው መሆኑ ነው። የዴሞክራሲ እናት የምትባለው አገርም ሳንሱሯን የጣለችው ገና ትናንት ነው።

ቢቢሲ ግን አንድ የተለየ ነገር ነበረው፦ የገንዘቡ ምንጭ። ቴሌቪዥን የሚያይ ቤተሰብ ሁሉ በየዓመቱ የፈቃድ ክፍያ ይከፍላል። ክፍያውን የሚተምነው መንግሥት ስለሆነ ነጻነቱ ሙሉ አይደለም። ሆኖም ጣቢያው ደመወዙን ከሚኒስትር እጅም ከሳሙና ነጋዴ እጅም አይቀበልም። በ1955 ደግሞ አይቲቪ የሚባል በማስታወቂያ የሚተዳደር ጣቢያ ተከፈተና ተመልካቹን መሻማት ጀመረ። ቢቢሲ ካልደፈረ የሚያየው አልነበረም።

በ1960 ሂው ካርልተን ግሪን ዋና ዳይሬክተር ሆኑ። ሰውየው በ1930ዎቹ በርሊን ውስጥ የጋዜጣ ዘጋቢ ነበሩ፤ በ1939 ናዚዎች አባርረዋቸዋል። ማሾፍ የተከለከለበት አገር ምን እንደሚመስል በዓይናቸው ያዩ ሰው ናቸው። በእርሳቸው ዘመን፣ በ1962፣ «ዛት ዎዝ ዘ ዊክ ዛት ዎዝ» የሚባል የቅዳሜ ማታ ዝግጅት ተጀመረ። የሳምንቱን ዜና እየነቀሰ ሚኒስትሮችን፣ ቤተ ክርስቲያንን፣ ቤተ መንግሥትን ይተርብ ነበር። በ1963 መጨረሻ ላይ ግን ተቋረጠ። የተሰጠው ምክንያት መጪው 1964 የምርጫ ዓመት ነው የሚል ነበር። ምርጫ ሲመጣ ቀልድ ወደ ጓዳ ይግባ እንደማለት ነው። ይህን ያነበበ የአዲስ አበባ ልጅ ፈገግ ቢል አንፈርድበትም።

አንድ ነገር ግን አንርሳ። የዝግጅቱ ፊት የነበረው ዴቪድ ፍሮስት የካምብሪጅ ልጅ ነው። የተተረቡት ሹማምንትም ብዙዎቹ የተማሩት ካምብሪጅ ወይም ኦክስፎርድ ነው። ከጌታው ጋር አንድ ግቢ የተማረ ልጅ ጌታውን ሲተርብ ድፍረቱ ይደነቃል፤ ነገር ግን በመካከላቸው የቤተዘመድ ጨዋታም አለበት። የማጅራት ሕመምተኛው ገና ተራው አልደረሰም።

የሞተው በቀቀን

እሑድ ኦክቶበር 5 ቀን 1969 «ሞንቲ ፓይተንስ ፍላይንግ ሰርከስ» ተጀመረ። እስከ 1974 በ45 ክፍሎች ታየ። ከስድስቱ ወጣቶች ጆን ክሊስ፣ ግራሃም ቻፕማንና ኤሪክ አይድል ከካምብሪጅ፣ ቴሪ ጆንስና ማይክል ፔሊን ከኦክስፎርድ ነበሩ። ስድስተኛው፣ አኒሜሽኑን የሚሠራው ቴሪ ጊሊያም፣ በትውልዱ አሜሪካዊ ነው።

የእነዚህ ልጆች ትልቁ ግኝት መስኮት ነው፦ ደንበኛና ባለሱቅ፣ ባለጉዳይና ጸሐፊ የሚፋጠጡበት መስኮት። አንድ ሰው የገዛው በቀቀን ሞቶበት ወደ ሱቁ ይመለሳል። ባለሱቁ ወፉ አልሞተም ብሎ ድርቅ ይላል፤ ተኝቷል፣ ደክሞታል፣ የአገሩ ናፍቆት ይዞት ነው ይላል። ደንበኛው ወፉን ጠረጴዛው ላይ እየደበደበ፣ በቋንቋው ውስጥ ሞትን የሚገልጽ ቃል ሁሉ እስኪያልቅበት ይጮኻል። መነሻው ተራ ነገር ነበር። ፔሊን መኪናውን የሚያሠራበት ጋራዥ ውስጥ አንድ ሰው ነበር፤ ምንም ብልሽት ቢነግሩት «ምንም አልሆነም» የሚል። ከዚያ ተነስተው ነው በቀቀኑ ላይ የደረሱት። የተበላሸ ዕቃ ይዞ ወደ ሱቅ የተመለሰ ሁሉ፣ የየትኛውም አገር ሰው ይሁን፣ ይህን ወፍ ያውቀዋል።

በ1970 ደግሞ «የቂል አረማመድ ሚኒስቴር» መጣ። ባርኔጣ የደፋና ቦርሳ የያዘ አንድ ሹም እግሩን ወደ ሰማይ እየወረወረ ቢሮው ይገባል። የመሥሪያ ቤቱ ሥራ ለቂል አረማመድ በጀት መመደብ ነው። አንድ አመልካች መጥቶ አረማመዱን ያሳየዋል፤ ሹሙ ቂልነቱ በቂ አይደለም ይለዋል። እንግዲህ ደብዳቤ አስገብቶ የተመላለሰ ሰው የሚስቀው በክሊስ ረጃጅም እግሮች ብቻ አይደለም። ቂልነቱ ፋይል ተከፍቶለት፣ ማኅተም ተደርጎበት፣ በቁም ነገር ሲካሄድ ማየቱ ነው የሚያስቀው።

ጉድለታቸውንም እንናገር። በፓይተን ዓለም የቤት እመቤት ማለት ቀሚስ ለብሶ በቀጭን ድምፅ የሚጮህ ወንድ ነው። ቆንጆ ወጣት ሴት ሲያስፈልጋቸው ካሮል ክሊቭላንድ ትጠራለች፤ ብዙ ጊዜ የተሰጣት ሚና መታየት ነው። ሴቶቹን የጻፏቸው ወንዶቹ ስለሆኑ፣ ሴቶቹ የሚናገሩት ወንዶቹ የሰሙትን ያህል ብቻ ነው።

ለንጽጽር ሁለቱን ሮኒዎች እንይ። ባርከርና ኮርቤት ከ1971 እስከ 1987 «ዘ ቱ ሮኒስ» የሚለውን ዝግጅት ይዘው ቆዩ። በ1976 የታየው የዕቃ ሱቅ ጭውውታቸው ለሰምና ወርቅ አፍቃሪ የተሠራ ይመስላል። በእንግሊዝኛ «አራት ሻማ» እና «የመንሽ እጀታ» ሠራተኛው ሕዝብ በሚናገርበት ዘዬ አንድ ዓይነት ይሰማሉ። ደንበኛው እጀታውን ሲጠይቅ ባለሱቁ አራት ሻማ ቆጥሮ ያመጣለታል። ከዚያ በኋላ የተጠየቀው ዕቃ ሁሉ እንዲሁ በሁለት መንገድ እየተሰማ ባለሱቁን ያሳብደዋል። ሁለቱም ሠርቶ አደሮች ናቸው፤ ሁለቱም አይሞኙም። ያስቸገራቸው ቋንቋው ነው። ጸሐፊው ባርከር ራሱ ነበር። ጽሑፎቹን «ጄራልድ ዋይሊ» በሚል የፈጠራ ስም ይልክ ነበር፤ በዝናው ሳይሆን በሥራው እንዲመዘን።

የበቀቀኑ ነገር ግን በሌላ መንገድ ተመለሰ። ኦክቶበር 1990 ጠቅላይ ሚኒስትር ማርጋሬት ታቸር በፓርቲያቸው ጉባኤ ላይ የሊበራል ዴሞክራቶችን አዲስ የወፍ ዓርማ በሞተው በቀቀን መሰሉት፤ ጉባኤው በሳቅ ፈነዳ። ሳምንት ሳይሞላ ሞተ የተባለው ፓርቲ የኢስትቦርንን የማሟያ ምርጫ ከእርሳቸው ፓርቲ እጅ ነጠቀ። በኖቬምበር ደግሞ ታቸር ራሳቸው ሥልጣን መልቀቃቸውን አስታወቁ። በቀቀኑ እውነትም ተኝቶ ኖሯል።

ስሙ ተጠርቶ ፊቱ ያልታየው ሰው

በ1979 ቢቢሲ 2 «ናት ዘ ናይን ኦክሎክ ኒውስ» የሚል ዝግጅት ጀመረ። ስሙ «የዘጠኝ ሰዓቱ ዜና አይደለም» ማለት ነው፤ በሌላው ቻናል ዜና በሚነበብበት ሰዓት ስለሚተላለፍ። ሮዋን አትኪንሰን፣ ሜል ስሚዝ፣ ፓሜላ ስቴፈንሰንና ግሪፍ ራይስ ጆንስ ነበሩበት። አትኪንሰን ኋላ በ1990 ሚስተር ቢን ሆኖ የመጣው ሰውዬ ነው።

ከጭውውቶቻቸው አንዷ የጣቢያ አዛዥና «ሳቬጅ» የሚባል ፖሊስ የሚነጋገሩባት ናት። አዛዡ የክስ መዝገቦችን እየገለጠ ያነባል። የእግረኛ መንገድ ስንጥቅ ረግጦ መሄድ፤ ሰው በሚኖርበት ሰፈር ደማቅ ሸሚዝ መልበስ፤ ፖሊሱን በማያምር ዓይን ማየት። የተከሰሰው ሁልጊዜ አንድ ሰው ነው፤ ጥቁር ሰው። አዛዡ ተቆጥቶ ሲያበቃ ፖሊሱን ያዛውረዋል፦ ልዩ የጥበቃ ቡድን ወደሚባለው ክፍል።

ያኔ ይህ ቀልድ ብቻ አልነበረም። ያ ቡድን በ1979 ሳውዝሆል ውስጥ ብሌር ፒች የተባለ መምህር በፀረ ዘረኝነት ሰልፍ ላይ ከሞተበት ድርጊት ጋር ስሙ ተያይዞ ነበር። ፖሊስ ጥርጣሬ ብቻ ይዞ ሰው የሚያስርበት ሕግ ከ1824 ጀምሮ ይሠራ ነበር፤ በጥቁር ወጣቶች ላይ ሲበረታ ኖሮ የተሻረው በ1981 ነው። በዚያው ዓመት በኤፕሪል ብሪክስተን የሚባለው የለንደን ሰፈር በእሳት ተያይዟል። ጭውውቷ ከብዙ ርዕሰ አንቀጽ የበለጠ ተናግራለች።

ሆኖም ጥያቄያችንን እንጠይቅ። ያ የተከሰሰው ሰውዬ ስሙ ይጠራል እንጂ አይታይም። ስለ እርሱ ሁለት ነጭ ኮሜዲያን ያወራሉ፤ እርሱ አንድ ቃል አይናገርም። ለእርሱ ተቆርቁረው ጽፈውለታል፤ ወንበር ግን አልተሰጠውም።

ወንበር ከተሰጣቸው ቀደምት ሴቶች መካከል ቪክቶሪያ ውድ ናት። ከማንቸስተር ዳርቻ የመጣችው ውድ ከ1985 እስከ 1987 በራሷ ስም የሚጠራ ዝግጅት ነበራት፤ የምትጽፈውም ራሷ ነበረች። በአንዷ ጭውውት ጁሊ ዋልተርስ ያረጀች፣ የምትንቀጠቀጥ አስተናጋጅ ሆና ሁለት ሾርባ ለማቅረብ ዘመን ይፈጅባታል። ተመጋቢዎቹ ሰዓታቸውን ያያሉ፤ አሮጊቷ ግን በክብሯ ትራመዳለች። የውድ ሴቶች ስለ ብስኩት፣ ስለ ኮት፣ ስለ ማረጥ፣ ስለ ጎረቤት ያወራሉ። በፓይተን ቤት ጩኸት የነበረው የሴት ወሬ እዚህ ዜማ ሆነ። ጉዳዩ ያው ነው፤ ጸሐፊው ነው የተለወጠው።

ቀልድ ከእጅ ሲያመልጥ

በ1980ዎቹ አጋማሽ እንግሊዝ ውስጥ ከ3 ሚሊዮን በላይ ሰው ሥራ አጥ ነበር። የማዕድን ሠራተኞች የ1984–85 አድማ ተሸንፏል። በደቡብ በኩል ግን ቤት እየተሠራ፣ እየተሸጠ፣ ብር እየፈሰሰ ነበር። በ1988 ሃሪ ኤንፊልድ የሚባል ወጣት በቻናል 4 አንድ ገጸ ባሕሪ ይዞ ብቅ አለ፦ «ሎድሳመኒ»፣ በእኛ «ብር በብር» ብንለው። የልስን ሠራተኛ ነው፤ የብር ጥቅል እያወዛወዘ በተመልካቹ ፊት ይፎክራል።

ኤንፊልድ ዘመኑን ሊወቅስ ነበር የፈጠረው። ሕዝቡ ግን ጀግና አደረገው። ወጣቶች ፉከራውን በየመጠጥ ቤቱ ደገሙት። የተቃዋሚው ሌበር ፓርቲ መሪ ኒል ኪኖክ ቃሉን የመንግሥትን ኢኮኖሚ ለመውቀስ ተጠቀሙበት። ወቃሹም ፎካሪውም አንድ ቃል ይዘው ቀሩ። ኤንፊልድ ነገሩ ቢያስጨንቀው መጀመሪያ ከሰሜን እንግሊዝ የመጣ ባዶ ኪስ ተቀናቃኝ ፈጠረለት፤ ቀጥሎ በ1989 ገጸ ባሕሪውን ገደለው። ሽሙጥ እንዲህ ነው። ከአፍህ ስትወጣ ስድብ የነበረች፣ ከሰሚው ጆሮ ስትደርስ ሙገሳ ትሆናለች።

ወጥ ቤቱ ሲገለበጥ

ቢቢሲ ከ1958 እስከ 1978 ድረስ ነጮች ፊታቸውን ጥቁር ቀለም ተቀብተው የሚዘፍኑበትን «ዘ ብላክ ኤንድ ኋይት ሚንስትረል ሾው» ሲያስተላልፍ ኖሯል። በ1967 የዘር መድልዎን የሚቃወም ዘመቻ ዝግጅቱ እንዲቆም አቤቱታ አስገብቶ ነበር፤ ከዚያም በኋላ 11 ዓመት ቀጠለ። ከጃማይካ ወላጆች የተወለደው ሌኒ ሄንሪ ገና ወጣት ሳለ በዚሁ ቡድን የመድረክ ትርኢት ላይ ሠርቷል። ቀለም ያልተቀባው እርሱ ብቻ እንደነበር መገመት አያዳግትም። ይህን ስም ያዙልን፤ እንመለስበታለን።

በ1960 ደግሞ ፒተር ሴለርስ «ዘ ሚሊየነረስ» በሚል ፊልም ፊቱን አጥቁሮ የሕንድ ሐኪም ሆኖ ሠራ። ከፊልሙ ጋር ተያይዞ ከሶፊያ ሎረን ጋር «ጉድነስ ግሬሸስ ሚ» የሚል ዘፈን አወጣ። ከዚያ በኋላ የሕንድ ልጆች በየትምህርት ቤቱ የተሾፈባቸው በዚያ የንግግር ቅላጼ ነበር።

እነዚህ ልጆች አደጉ። ከ1991 እስከ 1996 «ዘ ሪል ማኮይ» ጥቁርና እስያዊ ኮሜዲያንን አንድ ላይ አሰባሰበ፤ ሚራ ሳያል እዚያ ነበረች። በ1998 ሳንጂቭ ባስካር፣ ሚራ ሳያል፣ ኩልቪንደር ጊርና ኒና ዋዲያ ከሬዲዮ ወደ ቢቢሲ 2 የተሸጋገረ የራሳቸውን ዝግጅት ይዘው መጡ። ስሙን ምን አሉት? «ጉድነስ ግሬሸስ ሚ»። የተሰደቡበትን ስም በር ላይ ሰቀሉት።

የታወቀችው ጭውውታቸው እንዲህ ናት። ዓርብ ማታ ነው፤ ቦታው ሕንድ አገር ቦምቤይ። የሰከሩ ሕንዳውያን «እንግሊዝ ምግብ ቤት» ይገባሉ። የነጩን አስተናጋጅ ስም አጣመው ይጠሩታል። ማን ደፋር ነው እየተባባሉ ከዝርዝሩ ውስጥ በጣም ቅመም አልባውን ምግብ ያዛሉ። አስቂኝነቱን ለመረዳት እንግሊዝ አገር ዓርብ ማታ ምን እንደሚሆን ማወቅ ይበቃል፤ ከመጠጥ ቤት የወጡ ወጣቶች ሕንድ ምግብ ቤት ገብተው በጣም የሚያቃጥለውን አምጣ እያሉ አስተናጋጁን ያመናጭቁ ነበር። ጭውውቷ ማንንም አልሰደበችም። ወንበሩን ብቻ አዞረችው።

ከዚህም በላይ በራሳቸው ሳቁ። በልጆቻቸው ስኬት የሚፎካከሩ እናቶች አሉ። በዓለም ያለ ነገር ሁሉ መነሻው ሕንድ ነው ብሎ የሚከራከር አባት አለ፤ ይህን አባት ያየ ሐበሻ አንድ አጎቱን ማስታወሱ አይቀርም። ዋናው ነገር ይህ ነው፦ በራስ መሳቅ ጌጥ የሚሆነው ቀልዱን ራስህ ስትጽፈው ነው። ሌላው ሲጽፍልህ ያው ስድብ ነው፤ አንተ ስትጽፈው ግን ባለቤትነት ይሆናል።

እያሳሳቀ የወሰደ ውሃ

ከዚያ በኋላ ታሪኩ ወደ ፊት ብቻ ሄደ ብንል ደስ ባለን ነበር። በ2003 ማት ሉካስና ዴቪድ ዋሊያምስ «ሊትል ብሪተን»ን ከሬዲዮ ወደ ቴሌቪዥን አመጡት። ሁለቱም የብሪስቶል ዩኒቨርሲቲ ልጆች ናቸው፤ በተሰጥኦ አይታሙም። ሚሊዮኖች አዩት፤ ሕፃናት ንግግሩን በየትምህርት ቤቱ ደገሙት።

ከገጸ ባሕሪዎቹ አንዷ ቪኪ ፖላርድ ናት። ሮዝ ቱታ የለበሰች፣ የምትናገረው የማይጨበጥ፣ በልጅነቷ የወለደች የድሃ ሰፈር ልጅ ናት፤ ሕፃኗን በሙዚቃ ሲዲ ለውጣለች። እውነት ለመናገር ታስቃለች። ጋዜጦች ግን ስሟን ለድሃ ወጣት እናቶች ሁሉ መጠሪያ አደረጉት። ኦውን ጆንስ በ2011 ባሳተመው መጽሐፍ ሠራተኛው መደብ እንዴት መሳቂያ እንደተደረገ ሲያስረዳ ከጠቀሳቸው አንዷ እርሷ ናት። በ1966 ሽቅብ በማየት ማጅራቱን የታመመው ሰውዬ የልጅ ልጁ ስትመጣ ቀልዱን ከላይ ሆነው የሚጽፉላት ሌሎች ሆኑ።

ፍርዳችን እንዳያጋድል ሌላውንም እንበል። በዚያው ዝግጅት ውስጥ የበላችው ነገር ነጭ ባልሆነ ሰው እጅ የተሠራ መሆኑን ስትሰማ የሚያስመልሳት የተከበረች ሴትዮ አለች። የሰፈሩ ልጆችም በቪኪ ከማንም በላይ የሳቁ ነበሩ። ሆኖም ሁለቱ ሰዎች ፊታቸውን አጥቁረው የሠሯቸው ገጸ ባሕሪዎችም ነበሩ። ሉካስ በ2017 ዛሬ ቢሆን እነዚያን እንደማይሠራ ተናገረ። በጁን 2020፣ ከጆርጅ ፍሎይድ ግድያ በኋላ፣ ዝግጅቱ ከቢቢሲ አይፕሌየርና ከኔትፍሊክስ ወረደ፤ ሁለቱም ይቅርታ ጠየቁ። በ2022 የተወሰነው ተቆርጦ ወደ አይፕሌየር ተመለሰ።

ማውረዱ ትክክል ነበር ወይ የሚለው ክርክር አላለቀም። እኛ ግን አንድ ነገር ታዝበናል። መቀሱ የደረሰው ለተቀባው ፊት ነው። ለቪኪ ቱታ መቀስ የያዘ አላየንም። ድህነት ቀለም አይደለምና በቀላሉ አይታይም። እያሳሳቀ የሚወስድ ውሃ የሚባለው እንዲህ ያለው ነው።

ቀይ አፍንጫ እና እኛ

አሁን ወደ ራሳችን። ኦክቶበር 23 ቀን 1984 ማይክል በርክ ከኮረም ያቀረበው ዘገባ በቢቢሲ ታየ። ወሎና ትግራይ በራብ እያለቁ ነበር። በዓመቱ፣ በ1985፣ «ናት ዘ ናይን ኦክሎክ ኒውስ»ን ከጻፉት አንዱ የሆነው ሪቻርድ ከርቲስ እና ያ ሌኒ ሄንሪ «ኮሚክ ሪሊፍ» የሚባል የበጎ አድራጎት ድርጅት መሠረቱ። ኮሜዲያን ያስቃሉ፣ ሕዝቡ ይረዳል። በገና ዕለት ሥራውን ያስጀመሩት ሱዳን ካለ የስደተኞች መጠለያ ነበር። የመጀመሪያው «የቀይ አፍንጫ ቀን» በፌብሩዋሪ 1988 ተካሄደ፤ 15 ሚሊዮን ፓውንድ ተሰበሰበ። በ2015 ጠቅላላው ከ1 ቢሊዮን ፓውንድ ማለፉ ተነገረ። በዚህ ገንዘብ የዳነ ሰው አለ፤ ምስጋናውን አናስቀርም።

የማታውን አሰላለፍ ግን እንመልከተው። የእንግሊዝ ምርጥ ጭውውቶች ተራ በተራ ይመጣሉ። ኤንፊልድ ሎድሳመኒን የገደለው በዚህ መድረክ ነው። በ2007 ጠቅላይ ሚኒስትር ቶኒ ብሌር ከካትሪን ቴት ጋር እዚሁ ወጥተው የእርሷን የደነደነች ተማሪ አነጋገር ደገሙ፤ ሕዝቡ በሳቅ ሞተ። የኢራቅ ጦርነት አራተኛ ዓመቱን እየያዘ ነበር። ሥልጣን ቀልድን የሚያሸንፈው በማገድ ብቻ አይደለም ማለት ነው፤ አብሮ በመሳቅም ያሸንፈዋል።

በጭውውቶቹ መካከል መብራቱ ይደበዝዝና ዝግ ያለ ሙዚቃ ይገባል። ያኔ አፍሪካ ትመጣለች። የከሳ ሕፃን፣ ዝንብ፣ ዝም ያለች እናት። ፊልሙ ያልቅና ሳቁ ይቀጥላል። በዚያ ማታ እንግሊዛዊው ቂል ነው፣ ጉረኛ ነው፣ አፋር ነው፣ ቢሮክራት ነው፤ ብዙ ሰው ነው። እኛ ግን አንድ ነገር ብቻ ነን። የተከሰሰው ጥቁር ሰውዬ ስም ነበረው እንጂ ፊት አልነበረውም፤ እኛ ደግሞ ፊት ነበረን እንጂ ስም አልነበረንም።

ጥፋቱን ሁሉ በእነርሱ አንጭንም። በዚያ ዘመን በአገራችን የደርግ ሳንሱር ሌላውን አፍ ሁሉ ይዞ ነበር። ኮረም ላይ በዚያች ጠዋትም ቢሆን ግን የሚተርብ ጎረምሳ፣ የምታሽሟጥጥ ባልቴት አልነበሩም ብሎ የሚያምን ሐበሻ አለ? ካሜራው ያንን አልፈለገም። ነገሩ ለመነቀፍ ብዙ ዘመን ፈጀ። በ2019 የፓርላማ አባሉ ዴቪድ ላሚ አንዲት የቴሌቪዥን ታዋቂ ኡጋንዳዊ ሕፃን ታቅፋ የተነሳችውን ፎቶ ተቃወሙ። በ2020 ኮሚክ ሪሊፍ ታዋቂ ሰዎችን እየላከ አፍሪካ ውስጥ መቅረጽ እንደሚያቆምና ለአገሬው ፊልም ሠሪዎች ቦታ እንደሚሰጥ አስታወቀ። ወንበሩ እዚህም ሊዞር ጀመረ ማለት ነው፤ 35 ዓመት ፈጅቶ።

እንግዲህ ከዚህ ታሪክ የቀረን ይህ ነው። የሰው ልጅ ሙሉ ሰው መሆኑ የሚታወቀው ሲታዘንለት ብቻ አይደለም፤ ቂልነቱን ራሱ ጽፎ፣ ራሱ ተጫውቶ፣ ሌላውን ሲያስቅበትም ነው። ዳቦ ጋጋሪው፣ የቤት እመቤቷ፣ የሕንዱ አስተናጋጅ ተራቸውን ጠብቀው ወንበሩ ላይ የወጡት በዚህ መንገድ ነው። ቪኪ ፖላርድ ገና ከታች ቆማለች።

የማጅራት ሕመም ያለበት ሁሉ ብዕር ያንሳ።